የዌልስ የአንድ ቀን ጉብኝት በሚኒባስ፦ ቦታ ከመያዝ እስከ ማታ ባቡር

ባለፈው ጁላይ የአክስቴ ልጅ ከካርዲፍ ባቡር ጣቢያ ደወለችልኝ። «ሚኒባሱ የለም!» አለች። ሰዓቱ በእንግሊዝ አቆጣጠር ከጠዋቱ 9:04 ነው። ሚኒባሱ ልክ 9:00 ላይ ሄዷል። የተነሳውም ከጣቢያው አልነበረም፤ ሩብ ሰዓት ያህል በእግር ከሚያስኬደው ከካርዲፍ ግንብ ፊት ለፊት ነው። የሁለት ሰው ክፍያ በዚያው ቀረ።

እንዲህ ያለ ስልክ በየዓመቱ ይደርሰኛል። አንዱ አርፍዶ ይቀራል። ሌላው ቀኑን ሙሉ መኪና ውስጥ ተቀምጦ ይመለሳል። ሌላው ግንቡ በር ላይ ደርሶ ነው መግቢያ የሚከፈል መሆኑን የሚሰማው። ጉብኝቱ የሚበላሸው ብዙውን ጊዜ ቀኑ ሳይደርስ፣ ገና ቦታ ሲያዝ ነው። ስለዚህ ከዚያ ልጀምር። የምጽፈው ከ8 እስከ 16 ሰው ስለሚይዙ ሚኒባሶች ነው።

1. ደቡብ ወይስ ሰሜን? መጀመሪያ እሱን ወስኑ

ዌልስ ካርታ ላይ ትንሽ ናት። ሰው የሚሳሳተውም ለዚህ ነው። ደቡቡን ከሰሜኑ የሚያገናኝ ሞተርዌይ የለም፤ መንገዱ በተራሮች መሀል እየተጠማዘዘ ነው የሚሄደው። ከካርዲፍ ኮንዊ በመኪና አራት ሰዓት ገደማ ይፈጃል። ባቡሩም አይሻልም። ሁለቱን በአንድ ቀን አንድ ላይ ለማየት አትሞክሩ።

ለደቡቡ ከካርዲፍ ተነሱ። ኬርፊሊ፣ ቼፕስቶ እና ራግላን ግንቦች፣ የቲንተርን ገዳም ፍርስራሽ፣ የካርሊየን የሮማውያን ሰፈር፣ የብላናቨን የከሰል ማዕድን፣ የብሬከን ቢከንስ ተራሮችና ፏፏቴዎች በዚህ በኩል ናቸው።

ለሰሜኑ ከላንዲድኖ ወይም ከቼስተር ተነሱ። ከሊቨርፑልና ከማንቸስተር የሚነሱም አሉ። ኮንዊ እና ካርናርቨን ግንቦች፣ የስኖውዶኒያ ተራሮች፣ ጀልባ በአየር ላይ የሚሻገርበት የፖንትከሳልቴ ድልድይ እዚያ ናቸው።

ለንደን ለምትኖሩ፦ ከለንደን ተነስቶ በዚያው ቀን የሚመልስ ጉብኝት ይሸጣል፤ አልመክርም። መንገዱ ብቻ ደርሶ መልስ ስድስት ሰዓት ይበላል። በዋዜማው ከፓዲንግተን በባቡር ካርዲፍ ግቡ፤ ሁለት ሰዓት ገደማ ነው። ወደ ሰሜን ከሆነ ደግሞ ከዩስተን ቼስተር። እዚያው እደሩ።

ከውጭ ለምትመጡ፦ ዌልስ የብሪታንያ አካል ናት። የብሪታንያ ቪዛ ያለው ሰው ሌላ ፈቃድ አያስፈልገውም፤ ከእንግሊዝ ወደ ዌልስ ሲገባም ፓስፖርት አይጠየቅም። የአሜሪካ፣ የእስራኤል ወይም የአውሮፓ ኅብረት ፓስፖርት ያላችሁ ግን (ከአየርላንድ በስተቀር) ኢ.ቲ.ኤ. የሚባለውን የኢንተርኔት ፈቃድ ሳትይዙ አውሮፕላን አትሳፈሩ።

2. መርሐ ግብሩን በደቂቃ አንብቡ

ይህን ክፍል ቀስ ብላችሁ አንብቡት። ሰው የጉብኝት ማስታወቂያ ሲያይ የቦታ ስም ይቆጥራል። ስድስት ቦታ ከአራት ቦታ የተሻለ ይመስለዋል። መቁጠር ያለባችሁ ግን ደቂቃውን ነው።

መጀመሪያ ግሦቹን ለዩ። «እናያለን» ማለት ብዙ ጊዜ በመስኮት ነው። «እንቆማለን» ማለት ፎቶ ለማንሳት ወርዶ መመለስ ነው። «እንገባለን» የሚለው ብቻ ነው በእግራችሁ የምትዞሩበት። ማስታወቂያውን ወረቀት ላይ ገልብጡና ከእያንዳንዱ ቦታ ጎን ከሦስቱ አንዱን ጻፉ።

ቀጥሎ መንገዱን ደምሩ። አንድ ምሳሌ ልስጥ። ከካርዲፍ ወደ ምሥራቅ የሚሄድ የ9 ሰዓት ጉብኝት አለ እንበል፦

- ካርዲፍ – ቼፕስቶ፦ 50 ደቂቃ ገደማ
- ቼፕስቶ – ቲንተርን፦ 15 ደቂቃ
- ቲንተርን – ራግላን፦ 30 ደቂቃ
- ራግላን – ካርሊየን፦ 30 ደቂቃ
- ካርሊየን – ካርዲፍ፦ 30 ደቂቃ

ድምሩ 2 ሰዓት ከ35 ደቂቃ ነው። ለትራፊክ ጨምሩና 3 ሰዓት በሉት። 6 ሰዓት ቀረ። ለምሳ 1 ሰዓት ስትቀንሱ 5 ሰዓት ለአራት ቦታ ይደርሳል። ይህ ጥሩ ጉብኝት ነው። መንገዱ የቀኑን ግማሽ ከበላ ግን ተዉት፤ ሌላ ፈልጉ።

በኔ ልምድ ቼፕስቶም ራግላንም አንዳንድ ሰዓት ይፈልጋሉ። ለቲንተርን 45 ደቂቃ ይበቃል። ኬርፊሊ ከብሪታንያ ግንቦች በስፋት ከዊንዘር ቀጥሎ ሁለተኛው ነው፤ ከአንድ ሰዓት በታች ከተመደበለት ያዘመመውን ማማ ብቻ አይታችሁ ትመለሳላችሁ። የብላናቨኑ ቢግ ፒት የማዕድን ሙዚየም ሁለት ሰዓት ይወስዳል።

ስኖውደን የሚል ካያችሁ አንድ ነገር እወቁ። 1,085 ሜትር ነው፤ በእግር ወጥቶ መውረድ ስድስት ሰዓት ገደማ ይፈጃል። የአንድ ቀን ሚኒባስ ተራራውን ከሥሩ ያሳያችኋል እንጂ አያወጣችሁም። ልጆቻችሁን «ጫፍ እንወጣለን» ብላችሁ አትንገሯቸው።

3. ሳትከፍሉ ስድስት ጥያቄ ጠይቁ

በስልክ አትጠይቁ፤ በጽሑፍ ይሁን። መልሱ እጃችሁ ላይ ይቅር። ቦታ የምትይዙበት ድረ ገጽና መኪናውን የሚነዳው ድርጅት የተለያዩ ሊሆኑ ስለሚችሉ፣ የሚነዳው ማን እንደሆነ አጣሩና ለሱ ጻፉ።

1. መነሻው የት ነው? «ካርዲፍ» መልስ አይደለም። የመንገዱን ስምና ፖስትኮዱን ይስጧችሁ።
2. የግንቦቹ መግቢያ ዋጋው ውስጥ ተካቷል? ብዙ ጊዜ አልተካተተም። አብዛኞቹን ትልልቅ ግንቦችና ቲንተርንን የሚያስተዳድረው ካዱ የሚባለው የዌልስ መንግሥት የቅርስ ተቋም ነው። ለቀናት የሚያገለግል ማለፊያም ይሸጣል፤ ሁለት ቀን ተከታታይ የምትጎበኙ ከሆነ ሒሳቡን ሥሩት። የካርሊየን የሮማውያን ሙዚየም መግቢያ ነፃ ነው።
3. ስንት ሰው ካልሞላ ይሰረዛል? ስረዛውንስ ከስንት ቀን በፊት ትነግሩኛላችሁ? ትንሽ ቡድን ማለት ይሄም አለበት። ሁለት ሰው ብቻ ከተመዘገበ ላይነሱ ይችላሉ።
4. እኔ ብሰርዝ ገንዘቤ እስከ መቼ ይመለሳል?
5. ልጅ ትወስዳላችሁ? የሕፃን መቀመጫስ አላችሁ? በብሪታንያ ሕግ ልጅ 12 ዓመት ወይም 135 ሴንቲሜትር እስኪሞላ በደንቡ የልጅ መቀመጫ ያስፈልገዋል። ለሚኒባስ የሚላሉ ነገሮች ቢኖሩም በራሳችሁ ግምት አትሂዱ። ትንንሽ ልጆችን ጨርሶ የማይቀበሉ ድርጅቶችም አሉ።
6. ደረጃና ዳገት ምን ያህል አለ? እናት ወይም አባት ይዛችሁ ከሆነ ይህን አትዝለሉ።

በሁለት ቀን ውስጥ ካልመለሱላችሁ ሌላ ድርጅት ፈልጉ። ሳይከፈላቸው ያልመለሱ፣ ከተከፈላቸው በኋላ ችግር ሲመጣ ይመልሳሉ ብላችሁ አትጠብቁ።

4. ቀኑን ስትመርጡ

የራግቢ ቀን ካርዲፍን ሽሹ። ስታዲየሙ ከተማው መሀል ነው፤ ጨዋታ ባለበት ቀን መንገድ ይዘጋል፣ ባቡር ይጨናነቃል፣ የሆቴል ዋጋ ይሰቀላል። በተለይ ፌብሩዋሪና ማርች ላይ የጨዋታ መርሐ ግብር ሳታዩ ቀን አትቁረጡ።

ዲሴምበር ላይ ከ4 ሰዓት ከሰዓት በኋላ ጀምሮ ይጨልማል። ከሰዓት የሚታየው ቦታ በድንግዝግዝ ያመልጣችኋል። ጁን ላይ ግን ምሽት 9:30 ድረስ ብርሃን አለ። ምርጫ ካላችሁ ከሜይ እስከ ሴፕቴምበር፣ በሥራ ቀን ሂዱ።

ከአሜሪካ ለምትይዙ አንድ ማስጠንቀቂያ፦ 05/06 እዚህ ጁን 5 ነው፤ ሜይ 6 አይደለም። ወሩ በፊደል እስኪጻፍ አትክፈሉ።

5. በዋዜማው ማታ

ኢሜይላችሁን ክፈቱ። የመነሻ ቦታ ወይም ሰዓት ለውጥ ካለ በዋዜማው ሊላክ ይችላል፤ አንዳንዴም ስፓም ውስጥ ይገባል። የአክስቴ ልጅ መልእክት እዚያ ነበር የተገኘው።

ሰዓቱን በራሳችሁ አቆጣጠር ጭምር ጻፉ። 9:00 ማለት በእኛ ከጠዋቱ 3 ሰዓት ነው። ከአዲስ አበባ የመጣ ዘመድ ካለ «በ9 ሰዓት» ብላችሁ አትንገሩት፤ ከሰዓት በኋላ ይመስለዋል። ማርችና ኦክቶበር የመጨረሻ እሑዶች ላይ ደግሞ የብሪታንያ ሰዓት ይቀየራል። ስልኩ ራሱ ያስተካክላል፣ የግድግዳና የእጅ ሰዓት ግን አያስተካክልም።

ቦርሳ ውስጥ ክተቱ፦

- የዝናብ ጃኬት፣ ቆብ ያለው። ጃንጥላ አይጠቅምም፤ ግንብ አናት ላይ ነፋሱ ይገለብጠዋል።
- ተደራራቢ ልብስ። ጁላይም ቢሆን ሹራብ አይቅር። ለእናቶች ጋቢ መኪና ውስጥ ጥሩ ነው፤ ጠባብ ደረጃ ላይ ግን ይጠላለፋልና አስወልቋቸው።
- ሶሉ የሚይዝ ጫማ። ለስላሳ ስኒከር እርጥብ ድንጋይ ላይ ያንሸራትታል።
- ፓወር ባንክ፣ ውኃ፣ የባንክ ካርድ፣ ትንሽ ሳንቲም።
- የሚጾም ሰው ካለ ስንቅ። ዝርዝሩን ምሳ ላይ እመለስበታለሁ።

ካርታውን ዋይፋይ ባለበት ስልካችሁ ላይ አውርዱ። ተራሮቹ መሀል ኔትወርክ ይጠፋል። የትኬቱን ስክሪንሾትም አንሱ። የአስጎብኚውን የዕለት ስልክ ቁጥር ወረቀት ላይ ጻፉ፤ የቢሮው ቁጥር ጠዋት ላይነሳ ይችላል።

6. ጠዋት፣ መገናኛው ቦታ

ከ20 ደቂቃ በፊት እዚያ ቁሙ። አስጎብኚው ሌሎቹን ተሳፋሪዎች ይዞ እናንተን አይጠብቅም፤ ቀኑ በደቂቃ የተሸነሸነ ነው።

የመኪናውን ጎን አንብቡ። ሁለትና ሦስት ሚኒባሶች አንድ ቦታ ሊቆሙ ይችላሉ። ስማችሁን ከዝርዝሩ ላይ ሳያገኝላችሁ አትሳፈሩ። ስማችን በእንግሊዝኛ አጻጻፉ ስለሚለያይ ቡክ ያደረጋችሁበትን ስም እንዳለ አሳዩት።

የምልክቶቹ ቋንቋ እንዳያደናግራችሁ። ሁሉም በዌልስኛና በእንግሊዝኛ ነው የሚጻፈው። ካርዲፍ «ካይርዲዝ» ይባላል፣ ስዋንዚ «አበርታዌ»፣ ስኖውደን «ኧር ዊዝቫ»። ብሬከን ቢከንስም እ.ኤ.አ. ከ2023 ጀምሮ ፓርኩ ራሱን የሚጠራው በዌልስኛ ስሙ ነው። ለማመስገን «ዲዮልኽ» በሉ። ያ የመጨረሻ ድምፅ እንግሊዞችን ያስቸግራቸዋል፤ ትግርኛ የሰማ ጆሮ ግን «ኽ»ን ያውቃታል።

ዘግይታችሁ ከሆነስ? በኢሜይል አትጻፉ፤ አስጎብኚው ስልክ ላይ ደውሉ። መኪናው ከሄደ የመጀመሪያው ማቆሚያ የት እንደሆነ ጠይቁና ታክሲ አስቡ። ከካርዲፍ ኬርፊሊ ቅርብ ነው፤ ባቡርም አለው፣ ትደርሳላችሁ። የመጀመሪያው ማቆሚያ ተራራ ላይ ያለ ፏፏቴ ከሆነ ግን አትከተሉ። በገንዘባችሁ ላይ ሌላ ገንዘብ ትጨምራላችሁ።

7. መኪናው ውስጥ

መኪና የሚያዞረው ሰው ከፊት ይቀመጥ። ስትሳፈሩ ለአስጎብኚው ንገሩት፤ አያስቀይምም። መንገዱ ጠባብና ጠመዝማዛ ነው። የማዞር ኪኒን የሚወስድ ሰው ሳይነሳ ግማሽ ሰዓት ወይም አንድ ሰዓት ቀድሞ ይዋጥ። ከተነሱ በኋላ ብዙ አይረዳም። ስልክ አታንብቡ፤ ዓይናችሁ ሩቅ ላይ ይሁን።

እንግሊዝኛው ቢከብዳችሁ አትፈሩ፣ አስጎብኚውን ቀስ እንዲል ጠይቁት። ሁልጊዜ በሚገባ መስማት ያለባችሁ አንድ ዓረፍተ ነገር ግን አለ፦ የመመለሻ ሰዓቱ። በየማቆሚያው ሲነግራችሁ ድገሙለት፤ «11:40፣ እዚሁ በር ላይ» ብላችሁ። ከዚያ ስልካችሁ ላይ ከአሥር ደቂቃ በፊት የሚጮህ አላርም ሙሉ።

8. ግንቡ ውስጥ

ከላይ ጀምሩ። መጀመሪያ ማማው ላይ ውጡ፣ ከዚያ ወደ ግቢው ውረዱ። ሰው ሁሉ ታች ፎቶ ሲያነሳ ይቆይና ሰዓት ሲያልቅ ደረጃው ላይ ይጋፋል።

ደረጃውን ከእናቴ ጋር ነው በደንብ ያወቅሁት። ራግላን ግንብ ነበርን። እንደ ቡሽ መክፈቻ የሚጠመዘዝ የድንጋይ ደረጃ ነው። በመሀሉ በኩል እርከኑ መዳፍ አያህልም፤ በውጩ ግድግዳ በኩል ግን ሙሉ እግር ያሳርፋል። መሀሉ በዘመናት እግር ተበልቶ እንደ ሳህን ጎድጉዷል፣ ዝናብም ቋጥሮበታል። እናቴ ሦስተኛው እርከን ላይ ቆማ ግድግዳውን በሁለት እጇ ያዘች። «ልጄ፣ እኔ እዚሁ ልቅር» አለችኝ። መውጣቱ ሳይሆን መውረዱ ነበር ያስፈራት። ልክ ነበረች፤ ጉልበት የሚያመው መውረዱ ነው።

ስለዚህ እንዲህ አድርጉ፦

1. ገና ታች ሳላችሁ ከላይ የሚመጣ ሰው ካለ ስሙ። ካለ ጠብቁት፤ መሀል ላይ መተላለፍ አይቻልም።
2. ሰፊውን ጎን፣ የውጩን ግድግዳ ተከተሉ።
3. ገመድ ወይም ብረት ካለ ያዙ። ስልክ ኪስ ውስጥ ይግባ።
4. ሲወረድ ጠንካራው ሰው ከፊት፣ ደካማው ከኋላ።
5. የፈራ ሰው ካለ አትገፋፉት። አግዳሚ ወንበር ያለበት ግቢ አስቀምጡትና መመለሻ ሰዓቱን ንገሩት።

ቲንተርን ለሽማግሌዎች ምቹ ነው፤ ወለሉ ሜዳ ነው። ቼፕስቶ ግን ከመግቢያው ጀምሮ ረጅም ዳገት ነው።

ቢግ ፒት ከሆነ የምትሄዱት፣ 90 ሜትር ወደ ምድር ትወርዳላችሁ። ባትሪ ያለው ነገር ሁሉ ከላይ ይቀራል፦ ስልክ፣ የባትሪ ሰዓት፣ የመኪና ቁልፍ፣ ላይተርም ጭምር። ከሰል የሚቀጣጠል ጋዝ ስላለው ደንቡ ቀልድ የለውም። ጠባብ ቦታ የሚያስጨንቀው ሰው ከላይ ያለውን ሙዚየም ይይ፤ ብዙ የሚታይ አለ።

ፏፏቴ ካለ ድንጋዩን አትመኑት። ስጉድ ኧር ኤይራ የሚባለው ፏፏቴ ከጀርባው ያሳልፋል፤ ድንጋዩ ዓመቱን ሙሉ እርጥብ ነው። ልጅ ይዛችሁ ከሆነ እጁን አትልቀቁ።

አንድ ሰው ቢወድቅ ወይም ቢታመም መጀመሪያ አስጎብኚውን ጥሩ። ከባድ ከሆነ 999 ደውሉ። ያላችሁበትን ስም መጥራት ካቃታችሁ ከምልክቱ ላይ ፊደል በፊደል ንገሯቸው።

9. ምሳ

ረቡዕ ወይም ዓርብ ከሆነ፣ ወይም ዓቢይ ጾም ላይ ከሆናችሁ፣ በትንሽ መንደር ካፌ ላይ አትተማመኑ። «ቬጀቴሪያን» የሚለው ለጾም አይሆንም፤ ወተትና እንቁላል አለበት። የምትፈልጉት ቃል «ቪጋን» ነው። ዌልሽ ኬክ የሚሉት ክብ ቂጣ የጾም ይመስላል፤ ቅቤና እንቁላል ነው። ካውል የሚባለው ሾርባቸው ብዙ ጊዜ የበግ ሥጋ አለበት። ሃላል የሚፈልግም ሰው በገጠሩ ይቸገራል። ለሁላችሁም ምክሬ አንድ ነው፦ ዳቦ፣ ፍራፍሬ፣ ቆሎ ይዛችሁ ውጡ።

ካፌ የምትገቡ ከሆነ መጀመሪያ እዘዙ፣ ሽንት ቤት ከዚያ ሂዱ። ቡድኑ በሙሉ አንዴ ስለሚገባ ከኋላ ያዘዘ ሰው ምግቡ ሲመጣ መኪናው ይነሳል።

10. መመለሻ

«5:30 እንመለሳለን» ማለት ልክ 5:30 ማለት አይደለም። በተለይ ዓርብ ማታ መንገዱ ይዘጋጋል። የማታ ባቡር ስትይዙ ቢያንስ ሁለት ሰዓት ጨምሩ። ርካሹ «አድቫንስ» ትኬት ለዚያ ባቡር ብቻ ነው የሚሠራው፤ ካመለጣችሁ ሌላ ሙሉ ትኬት ትገዛላችሁ። ለዚህ ቀን የማታ ሰዓት የማይገድበውን ትኬት ግዙ፤ ልዩነቱን ለመክፈል የሚያስቆጭ አይደለም።

ለአስጎብኚው ጉርሻ ግዴታ አይደለም። ቀኑን በደንብ ከያዘላችሁ ግን ለአንድ ሰው አምስት ፓውንድ ያህል ብትሰጡ ደግ ነው። እናቴን ደረጃ ላይ እጇን ይዞ ላወረዳት ሰው ከዚያ በላይ ሰጥቻለሁ።

ያገኛችሁት በጽሑፍ የተመለሰላችሁን ያህል ካልሆነ፣ «እንገባለን» የተባለው ቦታ በመስኮት ብቻ ካለፈ፣ በዚያው ማታ ጻፉላቸው። የቦታውን ስም፣ የነበራችሁበትን ሰዓትና የመልሳቸውን ስክሪንሾት አያይዙ። በካርድ የከፈላችሁ ከሆነ ባንካችሁንም መጠየቅ ትችላላችሁ።

ከመውረዳችሁ በፊት የመቀመጫውን ኪስና ከእግር ሥር ያለውን ፈትሹ። የስልክ ቻርጀርና የልጆች ኮፍያ እዚያ ነው የሚቀረው። የረሳችሁት ነገር ካለ መኪናው ለነገ ሳይጸዳ ማታውኑ ለአስጎብኚው ደውሉለት።